ከአምባሳደርነት ወደ ደራሲነት፤ የክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ የሕይወት ታሪክ



ከመካከላችን አንድ ሰው በሞት ሲለይ በቀብሩ ዕለት አጭር የሕይወት ታሪክ ይነበባል። ይህንን ወረቀት የመጻፍ ተራ ደጋግሞ ስለሚደርሰኝ አጻጻፉን በቃሌ አውቀዋለሁ ብል ማጋነን አይሆንም። ሟቹ ከአባታቸው ከአቶ እገሌና ከእናታቸው ከወይዘሮ እገሊት በዚህ አገር ተወለዱ ተብሎ ይጀመራል። ትምህርታቸውን እዚህ ቦታ ተማሩ፣ በእንዲህ ያለ መሥሪያ ቤት ከተራ ጸሐፊነት እስከ ክፍል ኃላፊነት አገለገሉ ይባላል። በመጨረሻም የልጆችና የልጅ ልጆች ቁጥር ይነገርና ነፍስ ይማር ተብሎ ይዘጋል። ታዲያ ከቀብር መልስ ድንኳን ውስጥ ስንቀመጥ የምንሰማው ወሬ እኮ ከወረቀቱ ጋር ብዙም አይገናኝም። ሰዉ ሹመታቸውን አያነሣም። የሚያነሣው በችግሬ ጊዜ እንዲህ አደረጉልኝ፣ ተጣልተን ሳለን እንዲህ ብለው አስታረቁን የሚለውን ነው።

ይህ ነገር ሁልጊዜ ስለሚያስገርመኝ ለዘንድሮው መጽሔታችን የአንድ ታላቅ ሰው ታሪክ ለመጻፍ አሰብኩ። የእኚህ ሰው የሹመት ዝርዝር ሙሉውን ይነበብ ቢባል ቀባሪው ፀሐይ ላይ ቆሞ እስኪሰለቸው የሚዘልቅ ነው። የልጆች ቁጥር የሚጻፍበት ቦታ ግን ባዶ ነው፤ ልጅ አልወለዱም። እንዲያም ሆኖ ስማቸው ያልተነሣበት ቤት በአገራችን ብዙ አይገኝም። እኚህ ሰው የፍቅር እስከ መቃብር ደራሲ ክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ ናቸው።

የሰፈራችን ስሞችና የእሳቸው ዘመን

ወደ ታሪካቸው ከመግባቴ በፊት ስለ ሰፈራችን ስም ጥቂት ልበል፤ ጉዳዩ ከእሳቸው ሕይወት ጋር ይገናኛልና።

ፋሽስት ኢጣሊያ በ1928 ዓ.ም. አዲስ አበባን በያዘ ጊዜ ብዙ መንግሥታት አይተው እንዳላዩ ሆኑ፤ አንዳንዶቹም ለወራሪው እውቅና ሰጡ። የሜክሲኮ መንግሥት ግን በዓለም መንግሥታት ማኅበር ፊት ወረራውን ተቃወመ፤ ኢትዮጵያ የኢጣሊያ ግዛት ሆናለች መባሉንም ሳይቀበል ቀረ። ከነጻነት በኋላ ሜክሲኮ አደባባይ የተባለው ለዚህ ውለታ መታሰቢያ ነው። እነሱም በበኩላቸው በዋና ከተማቸው በኢትዮጵያ ስም የሚጠራ አደባባይና የምድር ውስጥ ባቡር ጣቢያ አላቸው። ካዛንቺስ የሚለው ስም ደግሞ ከወራሪው የቀረ ነው። የኢጣሊያ መንግሥት ለሠራተኞቹ መኖሪያ የሚያሠራበት ድርጅት ነበረው፤ የድርጅቱ ስም በሰዉ አፍ ሲዞር ውሎ ካዛንቺስ ሆነ።

እንግዲህ ከሜክሲኮ ተነሥተን ወደ ካዛንቺስ ስንሄድ ከወዳጅ ስም ወደ ጠላት ስም እየተሻገርን ነው ማለት ነው። የካዛንቺስ ቤቶች ይሠሩ በነበረበት ዘመን ሐዲስ ዓለማየሁ ኢጣሊያ ውስጥ እስረኛ ነበሩ። በሩቅ አገር አዳራሽ ውስጥ አንድ ሰው ተነሥቶ የሚናገረው ቃል ለተጠቃ ሕዝብ ምን ያህል ዋጋ እንዳለው ከእሳቸው ይበልጥ የሚያውቅ አይኖርም። ኋላም ያ ሥራ የእሳቸው ሥራ ሆነ።

ትውልድና ትምህርት

ሐዲስ ዓለማየሁ በ1902 ዓ.ም. በጎጃም፣ ከደብረ ማርቆስ ብዙ በማይርቀው በእንዶዳም ኪዳነ ምሕረት ተወለዱ። አባታቸው አባ ዓለማየሁ ሰሎሞን ካህን ነበሩ። እናታቸው ወይዘሮ ደስታ ዓለሙ ይባላሉ።

የካህን ልጅ በመሆናቸው የጀመሩት በቤተ ክህነት ትምህርት ነው። ፊደል ቆጥረው፣ ዳዊት ደግመው፣ እንደ ጊዜው ልማድ ትምህርት ፍለጋ ከአገር አገር ዞሩ። ደብረ ኤልያስ፣ ደብረ ወርቅና ዲማ ጊዮርጊስ ተምረዋል፤ እነዚህ ሁሉ በቅኔ የታወቁ የጎጃም ቦታዎች ናቸው። የቆሎ ተማሪ ኑሮ ምን እንደሆነ ከመካከላችን ያለፉበት አባቶች ያውቁታል። ደበሎ ለብሶ፣ አኩፋዳ አንግቶ፣ ከየደጁ ውሻ ጋር እየታገሉ ለምኖ መብላት ነው። ደግሞም ቅኔ የሚማር ልጅ አንድን ቃል በሰምና በወርቅ ማየት ይለምዳል፤ ላይ ላዩን የሚባለውንና ከሥር የታሰበውን መለየት ይማራል። ይህ ትምህርት ለዲፕሎማትም ለደራሲም የሚበጅ ስንቅ መሆኑን ያን ጊዜ ማን ያስብ ነበር?

ከዚያም ወደ አዲስ አበባ መጥተው በስዊድን ሚሲዮን ትምህርት ቤት፣ ቀጥሎም በ1917 ዓ.ም. በተከፈተው በተፈሪ መኮንን ትምህርት ቤት ዘመናዊ ትምህርት ተማሩ። የመጻፍ ፍላጎታቸው የታየውም ገና በወጣትነታቸው ነው፤ በዚያን ዘመን የሐበሻና የወደኋላ ጋብቻ የሚል ተውኔት ጽፈዋል። አርእስቱን ብቻ አይቶ ወጣቱ ምን ያስጨንቀው እንደነበር መገመት ይቻላል። አገሬ ለምን ወደ ኋላ ቀረች የሚለው ጥያቄ ነው። ይህ ጥያቄ እስከ ዕለተ ሞታቸው አልለቀቃቸውም። ትምህርታቸውን ከተከታተሉ በኋላ ወደ ጎጃም ተመልሰው በትምህርት ቤትና በጉምሩክ ሥራ ሲያገለግሉ ሳለ የጦርነቱ ክተት ታወጀ።

ጦርነትና ግዞት

በዚያን ጊዜ የጎጃም ገዥ ልዑል ራስ እምሩ ኃይለ ሥላሴ ነበሩ። የጎጃምን ጦር ይዘው ወደ ሽሬ ግንባር ሲዘምቱ ወጣቱ ሐዲስም አብረው ዘመቱ። የራስ እምሩ ጦር በታኅሣሥ ወር 1928 ዓ.ም. ደምበጉና በተባለው በር ላይ ታንክ የያዘውን የኢጣሊያ ጦር ድል አድርጎ ነበር። ነገር ግን በየካቲት ወር የኢጣሊያ ጦር በብዙ መድፍና አውሮፕላን ተመልሶ መጣ። የእኛም ሰው ተከዜን ለመሻገር ሲያፈገፍግ ከአየር የመርዝ ጋዝና የሚያቃጥል ቦምብ ወረደበት። በጦር ሜዳ ያልወደቀው ብዙ ጀግና እዚያ ወንዝ ዳር ቀረ።

ንጉሠ ነገሥቱ ወደ ውጭ ከወጡ በኋላ ራስ እምሩ ወደ ምዕራብ ወርደው ከጎሬ በኩል ትግሉን ቀጠሉ፤ የጥቁር አንበሳ ማኅበር ወጣት መኮንኖችና የተማሩ ሰዎችም አብረዋቸው ነበሩ። በመጨረሻ ስንቅና ጥይት አልቆ፣ መንገዱ ሁሉ ተዘግቶ፣ በታኅሣሥ ወር 1929 ዓ.ም. ጎጀብ ወንዝ አጠገብ ተማረኩ። ሐዲስ ዓለማየሁም ከምርኮኞቹ አንዱ ነበሩ። ከሁለት ወር በኋላ በየካቲት 12 አዲስ አበባ ላይ ምን እንደሆነ ሁላችንም እናውቃለን፤ በዚያ ጊዜ ከተማሩት ወጣቶች ብዙዎቹ በጥይት ተደብድበዋል። እሳቸው ግን ዕድሜ ሰጥቷቸው ወደ ኢጣሊያ ከተጋዙት ጋር ሆኑ።

ግዞቱ ሰባት ዓመት ያህል ፈጀ። ፖንዛና ሊፓሪ በሚባሉ ደሴቶች ታስረዋል። ሰባት ዓመት ማለት እኮ ሰው የሚያገባበት፣ ልጅ የሚወልድበት፣ ጎጆ የሚቀልስበት የወጣትነት ዕድሜ ነው። ዙሪያው ባሕር ነው፤ ከአገር ቤት የሚደርስ ወሬ የለም፤ ማን ሞተ፣ ማን ተረፈ የሚያውቁት ነገር የለም። የእግዚአብሔር ሥራ ግን ይገርማል። ሙሶሊኒ ራሱ ከሥልጣን ተሽሮ በሐምሌ ወር 1935 ዓ.ም. እስረኛ ሆኖ ከተወሰደባቸው ቦታዎች አንዱ ይኸው ራስ እምሩ ታስረውበት የነበረው የፖንዛ ደሴት ነው። በዚያው ሰሞን የኪዳን አገሮች ጦር ወደ ኢጣሊያ ገብቶ እስረኞቹን አስፈታ። ሐዲስም ወደ አገራቸው ተመለሱ።

ስለዚህ ዘመን በዝርዝር የጻፉት ከግማሽ ምዕተ ዓመት በኋላ፣ በ1985 ዓ.ም. ትዝታ ብለው ባሳተሙት መጽሐፍ ነው። ይህን ያህል ጊዜ በሆዳቸው ይዘውት ኖሩ ማለት ነው።

የመንግሥት መልእክተኛ

ከግዞት ሲመለሱ አገሪቱ የተማረ ሰው በእጅጉ ቸግሯት ነበር፤ አብዛኛው በጦርነቱ አልቋል። የቀረውን ሁሉ መንግሥት በየመሥሪያ ቤቱ መደበው። ሐዲስ ዓለማየሁ ለውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ደረሱ። መጀመሪያ የተላኩት በ1937 ዓ.ም. ገደማ በኢየሩሳሌም ቆንስል ሆነው ነው። ቀጥሎ ወደ አሜሪካ ተዛውረው በዋሺንግተን ሌጋሲዮን ሠሩ፤ በ1939 ዓ.ም. በአትላንቲክ ሲቲ ከተማ በተደረገው የዓለም የቴሌኮሙኒኬሽን ጉባኤም ላይ ከኢትዮጵያ መልእክተኞች ጋር ተገኙ። ከዚያ ወደ አዲስ አበባ ተመልሰው በዚያው በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ከፍ ያለ ኃላፊነት እየተሰጣቸው እስከ ምክትል ሚኒስትርነት ደረሱ።

ከ1940ዎቹ መጨረሻ እስከ 1952 ዓ.ም. ገደማ ደግሞ ኒው ዮርክ ተቀምጠው በተባበሩት መንግሥታት ድርጅት የኢትዮጵያ ቋሚ መልእክተኛ ነበሩ። ያ ጊዜ የአፍሪካ አገሮች አንድ በአንድ ከቅኝ ግዛት የሚወጡበትና ከአዳራሹ ወንበር የሚይዙበት ጊዜ ነው። የአፍሪካ ኢኮኖሚ ኮሚሽን እንዲቋቋም የተወሰነው በሚያዝያ 1950 ዓ.ም. ነው፤ ይህም በእሳቸው የመልእክተኛነት ዘመን መሆኑ ነው። መቀመጫውም አዲስ አበባ ሆነ። እኛ በየቀኑ በደጁ የምናልፈው፣ በ1953 ዓ.ም. የተመረቀው የአፍሪካ አዳራሽ የዚያ ውሳኔ ፍሬ ነው። እርግጥ ይህን የሠራ አንድ ሰው አይደለም። ቢሆንም የሰፈራችን ሰው አዳራሹን ሲያይ፣ በዚያን ዘመን የኢትዮጵያን ወንበር ይዘው የነበሩትን ሰው ቢያስታውስ ደግ ነው።

ከኒው ዮርክ ሲመለሱ ጥቂት ጊዜ የትምህርት ሚኒስትር ሆኑ። ቀጥሎም በለንደን የኢትዮጵያ አምባሳደር ሆነው እስከ 1957 ዓ.ም. ቆዩ። ከዚያ የፕላንና ልማት ሚኒስትር፣ በኋላም እስከ 1966 ዓ.ም. የሕግ መወሰኛ ምክር ቤት አባል ነበሩ። ዝርዝሩ ይኸው ነው። ቆንስል፣ ምክትል ሚኒስትር፣ ቋሚ መልእክተኛ፣ ሚኒስትር፣ አምባሳደር፣ ደግሞ ሚኒስትር። ለቀብር ወረቀት ቢሆን ከዚህ የበለጠ ምን ይፈለጋል?

አሁን ግን ልጠይቃችሁ። ከመካከላችን ሐዲስ ዓለማየሁ ለንደን ሳሉ ለእንግሊዝ መንግሥት ያቀረቡትን አንድ ጉዳይ የሚያስታውስ አለ? እኔ አላስታውስም። ይህ የእሳቸው ጉድለት አይደለም፤ የሥራው ጠባይ ነው። አምባሳደር የሚናገረው የላከውን መንግሥት ቃል ነው። በደንብ ከሠራም የሚመሰገነው መንግሥት ነው። መንግሥቱ ሲያልፍ ቃሉም አብሮ ወደ መዝገብ ቤት ይገባል።

ማንም ያልላከው መልእክት

በዲፕሎማሲ ሥራ ላይ ሳሉ ብዕራቸውን አልጣሉም ነበር። በ1948 ዓ.ም. ተረት ተረት የመሠረት የተባለውን መጽሐፍና ስለ ትምህርትና ስለ ተማሪ ቤት ትርጉም የሚናገር ሌላ መጽሐፍ አሳትመዋል። ዋናው ግን በ1958 ዓ.ም. የወጣው ፍቅር እስከ መቃብር ነው። ከለንደን በተመለሱ በዓመቱ ግድም ነው የታተመው። ያን ጊዜ ዕድሜያቸው 56 ደርሶ ነበር። ብዙ ሰው ጡረታውን በሚያስብበት ዕድሜ እሳቸው የመጀመሪያውን ልብ ወለዳቸውን ለሕዝብ አቀረቡ። ዘገየሁ ብሎ ተስፋ ለሚቆርጥ ሰው ይኼ ትልቅ ትምህርት ነው።

በአገራችን የመንግሥት ሰው ሆኖ መጽሐፍ መጻፍ አዲስ ነገር አልነበረም። የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር የነበሩት ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ ብዙ መጻሕፍት ጽፈዋል፤ እሳቸውም በ1931 ዓ.ም. በስደት እንግሊዝ አገር ሳሉ ነው የሞቱት። ሐዲስ ዓለማየሁን ልዩ የሚያደርጋቸው የጻፉት ነገር ነው።

ታሪኩን የማያውቅ ጥቂት ቢሆንም ለወጣቶቻችን በአጭሩ ላስታውስ። በዛብህ በጎጃም ገጠር ከድሃ ወላጆች የተወለደ፣ በስለት ለቤተ ክርስቲያን የተሰጠ ልጅ ነው። ቅኔ ተምሮ፣ ጎበዝ ሆኖ፣ የባላባቱ የፊታውራሪ መሸሻ ልጅ የሰብለ ወንጌል አስተማሪ ይሆናል። ይዋደዳሉ። ነገር ግን እሷ የትልቅ ሰው ልጅ ናት፣ እሱ የድሃ ልጅ ነው፤ ዘርና ሹመት በመካከላቸው ይቆማል። ከባላባቱ ዘመዶች አንዱ ካሳ ዳምጤ ይህን ሥርዓት አጥብቆ የሚነቅፍ ሰው ነው። እውነት ስለሚናገር ሰዉ ጉዱ ካሳ እያለ እንደ እብድ ይቆጥረዋል። አበጀ በለው የሚባል ገበሬ ደግሞ ፊታውራሪው ከልማድ ውጭ ግብር በጠየቁ ጊዜ ገበሬውን አስተባብሮ ይነሣል። መጨረሻው እንደምታውቁት ነው። ፍቅረኞቹ በመንገድ ላይ የሚገናኙት ለሞት ነው፤ በዛብህ፣ ሰብለ ወንጌልና ጉዱ ካሳ በአንድ መቃብር ይቀበራሉ።

እዚህ ላይ አንድ ነገር እናስተውል። ይህ መጽሐፍ ሲታተም ደራሲው ከሥርዓቱ ውጭ የቆሙ ሰው አልነበሩም፤ የንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት ሚኒስትር ነበሩ። የመሬቱ ሥሪት፣ የባላባቱ ጉልበት፣ የዘር ቆጠራው ገና በአገሩ ላይ ቆሞ ነበር። ጽሑፍም ሁሉ በሳንሱር ያልፋል። በዚያ ወንበር ላይ ተቀምጠው ገበሬው ባላባቱን ሲማርክ፣ እብድ የተባለው ሰው ከሁሉ ይልቅ አስተዋይ ሆኖ ሲገኝ የሚያሳይ መጽሐፍ ጻፉ። ነገሩን ባለፈ ዘመን ላይና በፍቅር ታሪክ ውስጥ አስቀመጡት። ቅኔ የተማረ ሰው እንዲህ ነው። ሰሙ የሁለት ወጣቶች ፍቅር ነው፤ ወርቁን ግን አንባቢ ሁሉ አገኘው።

ጉዱ ካሳ መንግሥት የለውም፤ አበጀ በለው የሚልከው አምባሳደር የለውም፤ ሰብለ ወንጌል በአባቷ ቤት ተዘግቶባት ስለ ራሷ የሚናገርላት ሰው የለም። ሐዲስ ዓለማየሁ በጉባኤ አዳራሽ ለመንግሥት ሲናገሩ የኖሩትን ያህል፣ በመጽሐፉ ደግሞ ማንም ላልላከው፣ ማንም ላልሾመው ሰው ተናገሩ። የላካቸው የለምና የሚሽራቸውም አልተገኘም።

መጽሐፉን ወደ ማያነበውም ሰው ያደረሰው የኢትዮጵያ ሬዲዮ ነው። ተዋናዩ ወጋየሁ ንጋቱ ሲተርከው የነበረውን ጊዜ ትልልቆቻችን አይረሱትም። ሬዲዮ ባለው ቤት ጎረቤቱ ይሰበሰባል፤ ቡናው ይፈላል፤ ወሬ የሚባል የለም። ፊደል ያልቆጠሩ እናቶች ለበዛብህ ሲያለቅሱ፣ ፊታውራሪ መሸሻን ሲረግሙ አይተናል። አንዳንዷማ ሰብለ ወንጌልን እንደ ጎረቤት ልጅ ነበር የምታወራላት። ወጋየሁም በ1982 ዓ.ም. ካረፈ በኋላ ድምፁ ከመጽሐፉ ጋር ተሳስሮ ቀርቷል።

ያልተቀበሉት ሹመት

1966 ዓ.ም. መጣ። አገሩ ሁሉ በተናወጠበት በዚያ ዓመት ሐዲስ ዓለማየሁ ኢትዮጵያ ምን ዓይነት አስተዳደር ያስፈልጋታል የሚል መጽሐፍ አወጡ። በወጣትነታቸው ያስጨነቃቸው ጥያቄ አሁንም እዚያው ነበር። ደርግ ሥልጣን ከያዘ በኋላ የጠቅላይ ሚኒስትርነት ሹመት ቀርቦላቸው እንዳልተቀበሉ በሰፊው ይነገራል።

ይህን ነገር በቀላሉ አንለፈው። በቀብር ወረቀት ላይ የተቀበልነው ሹመት ይጻፋል እንጂ የተውነው አይጻፍም። ይሁን እንጂ ሰው ከተቀበለው ይልቅ እንቢ ባለው የሚታወቅበት ጊዜ አለ። የቀድሞ ባልደረቦቻቸው ብዙዎቹ በኅዳር 1967 ዓ.ም. ያለ ፍርድ ተረሽነዋል። እሳቸው ከፖለቲካው ራቅ ብለው፣ ቤታቸው ተቀምጠው መጻፍ መረጡ። ወንጀለኛው ዳኛ በ1974 ዓ.ም.፣ የልምዣት በ1980 ዓ.ም.፣ ትዝታ በ1985 ዓ.ም. ታተሙ። የመጨረሻው ሲወጣ ዕድሜያቸው ከሰማንያ አልፎ ነበር። ሹመት ሲቀር ብዙ ሰው ይደርቃል፤ የእሳቸው ሥራ ግን ያን ጊዜ በረታ።

በግል ኑሯቸው ባለቤታቸው ወይዘሮ ክበበ ፀሐይ በላይ ነበሩ። ልጅ አልወለዱም። ባለቤታቸው በሞት ከተለዩአቸው በኋላ ብቻቸውን ኖሩ። በልጅ ለማይጦር ሽማግሌ ብቸኝነት ምን ያህል እንደሚከብድ ዕድራችን ውስጥ ያለን ሰዎች እናውቃለን፤ እንዲህ ያለውን ሰው መጠየቅ የእኛ ፈንታ ነው። የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ በ1991 ዓ.ም. የክብር ዶክትሬት ሰጣቸው። ኅዳር 26 ቀን 1996 ዓ.ም. በ94 ዓመታቸው አረፉ። በቅድስት ሥላሴ ካቴድራልም ተቀበሩ። ዛሬ በትውልድ አገራቸው የደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲ በስማቸው የባህል ጥናት ተቋም አለው።

ለእኛ የሚቀረው

ይህን ሁሉ የጻፍኩት ሁላችን ደራሲ እንሁን ለማለት አይደለም፤ እሱ ለተሰጠው ነው። ሹመትንም ለማቃለል አይደለም። እሳቸው በየአዳራሹ ያገለገሉት አገልግሎት ለአገር የሚያስፈልግ ነበር፤ ሜክሲኮ የሚለው የሰፈራችን ስም ለዚህ ምስክር ነው። ለማለት የፈለግሁት ሌላ ነው። ሰው ከወንበሩ የሚያገኘው ከወንበሩ ጋር ይቀራል፤ ስለሌላው ሰው የተናገረው ግን አብሮ አይቀበርም።

ከዚህም ጋር አንድ ነገር በልቤ አለ። በ2017 ዓ.ም. ካዛንቺስ ለልማት ሲፈርስ ስንት ዓመት አብረን የኖርን ሰዎች ወደየአቅጣጫው ተበታተንን። የጎረቤት ግድግዳ ፈረሰ፤ ሬዲዮ የሰማንበት ግቢ የለም። ዕድራችን ግን አልፈረሰም። ከሩቅ ሰፈር ሁለት ሦስት ታክሲ ተሳፍሮ ለቀብር የሚመጣ አባል አለን። ሟቹ ማን እንደነበሩ የሚያውቀው እሱ ነው፤ ቤቱ የለም፣ የሰዉ ትዝታ አለ። እንግዲህ ያንን ትዝታ ካልጻፍነው እሱም በተራው ይሄዳል።

ስለዚህ አንድ ሐሳብ አቀርባለሁ። ከእንግዲህ የሕይወት ታሪክ ስናዘጋጅ ከትምህርትና ከሥራ ደረጃ በታች አንድ መስመር እንጨምር። ሟቹ ለማን ተናገሩለት፣ ማንን አስታረቁ፣ ምን ቀርቦላቸው እንቢ አሉ የሚል ይሁን። ቤተ ዘመዱን ጠይቀን፣ ጎረቤቱንም ጠይቀን እንጻፈው። ሹመት ለሌለው ሰው፣ ዕድሜውን በጉልት ንግድና በልብስ እጥበት ላሳለፈች እናት የሚጻፍ ነገር አናጣም። ልጅ ላልወለደም የሚጻፍ ነገር እንዳለ ከሐዲስ ዓለማየሁ ሕይወት ተምረናል።

የደራሲውንና በዚህ ዓመት ከመካከላችን የተለዩትን ወንድሞችና እኅቶች ሁሉ ነፍስ ይማርልን። ለቀረነው ዕድሜና ጤና ይስጠን።